«ሕፃን ተዋናይ አይሠራም» ለሚሉን

ሰሞኑን በአንድ የቴሌቪዥን ውይይት ላይ ለሕፃናት ተዋንያን የተለየ ሕግ ያስፈልጋል ወይስ አያስፈልግም የሚለው ጥያቄ ሲነሳ፣ አንድ ፕሮዲዩሰር ጉዳዩን ባጭሩ ዘጉት። ሕፃን ካሜራ ፊት አይሠራም፣ ይጫወታል፤ ስለዚህ የሰዓት ገደብ፣ የሥራ ፈቃድ፣ ዝግ የባንክ ሒሳብ የሚባለው ሁሉ በወላጅና በልጅ መካከል የሚገባ ቢሮክራሲ ነው አሉ። አወያዩም ፈገግ ብለው ወደሚቀጥለው ጥያቄ አለፉ። እንዲህ ያለው ንግግር ግን በፈገግታ ሊታለፍ አይገባውም።

ለነገሩ ሐሳቡ የእሳቸው አይደለም። እ.ኤ.አ. በ1938 አሜሪካዊው የፊልም ተዋናይ ጃኪ ኩጋን በልጅነቱ ያገኘውን ገንዘብ መልሱልኝ ብሎ እናቱንና የእንጀራ አባቱን ሲከስ የተሰጠው መልስ ይኸው ነበር። ልጁ ደስ ብሎት ካሜራ ፊት ሲጫወት ነበር፣ ይሰጥሃል ብሎ ቃል የገባለት ሰውም የለም ተባለ። ይህ «ሲጫወት የነበረ» ልጅ በ1921 ከቻርሊ ቻፕሊን ጎን ቆሞ ዓለምን ያሳቀና ያስለቀሰ ነው። በልጅነቱ ያስገባው ገንዘብ ከ3 እስከ 4 ሚሊዮን ዶላር ይገመታል። አባቱ በ1935 በመኪና አደጋ ሞቱ፤ እናቱ የቤተሰቡን ገንዘብ ይመሩ የነበሩትን ሰው አገቡ፤ ልጁ 21 ዓመት ሞልቶት ድርሻዬ የት አለ ሲል ገንዘቡ በአብዛኛው ተበልቶ ነበር። ከክርክሩ በኋላ እጁ የገባው 126 ሺህ ዶላር ብቻ ነው። የዘመኑ ሕግ አካለ መጠን ያልደረሰ ልጅ ያገኘው ገንዘብ የወላጁ ነው ይል ስለነበር፣ ሌብነት ብሎ ለመጥራት እንኳን አይመችም ነበር። እኚህ ፕሮዲዩሰር እንግዲህ እያወቁም ይሁን ሳያውቁ የሚደግሙልን የተከሳሾችን መከላከያ ነው።

እስቲ ጨዋታ ነው እንበልላቸው። ጨዋታን የሚጀምረው ማን ነው? ልጁ። የሚያቆመውስ? ያው ልጁ ነው፤ ሲሰለቸው፣ ሲርበው፣ ወይም እንዲሁ ደስ ሳይለው ሲቀር ትቶት ይሄዳል፣ ለምን ብሎ የሚጠይቀውም የለም። ካሜራ ፊት የቆመ የሰባት ዓመት ልጅ «በቃኝ» ቢልስ? የመብራት ባለሙያው፣ የድምፅ ባለሙያው፣ የአልባሳት ኃላፊዋ፣ በሰዓት የሚከፈልበት ስቱዲዮ፣ ሁሉም የእሱን ፊት ያያሉ። ስለዚህ በቃኝ አይልም። ሳቅ በተጻፈለት ቦታ ላይ ይስቃል፤ ዳይሬክተሩ ሳቁን ካልወደደው ደግሞ ይስቃል፤ ማይክሮፎኑ ምስሉ ውስጥ ስለገባ ወይም ከደጅ መኪና ስለጮኸ፣ እሱ ባላጠፋው ጥፋት፣ እንደ አዲስ ይስቃል። ጥርሱ ከተነቀለ ያለፈው ሳምንት ቀረጻ ከዛሬው ጋር አልገጥም ስለሚል አዋቂዎቹ ይጨነቃሉ። ቁመቱ ሲጨምር፣ ድምፁ ሲጎረንን ሚናው ያበቃል። ልጅ ማደጉ ራሱ እንደ ጉድለት የሚቆጠርበት ጨዋታ የትኛው ነው?

ደግሞስ ለጨዋታ ውል የሚያስፈርም ማን አለ? እኚህ ሰው በጀት ሲያዘጋጁ የልጁን ክፍያ የሚጽፉት በየትኛው መደብ ነው? ልጁ ታሞ ቀረጻ ሲቆም ኪሳራውን የሚያሰሉት የልጆች ጨዋታ ተቋረጠ ብለው ነው? ፊልሙ ለገበያ ሲቀርብ የሕፃኑ ፊት ፖስተሩ ላይ ትልቁን ቦታ ይይዛል፤ ያን ጊዜ «ድንቅ ተዋናይ» ነው። ስለ ሰዓቱና ስለ ገንዘቡ ሲጠየቅ ግን ወዲያውኑ ተመልሶ ሕፃን ይሆናል። ለቲኬት ሻጩ ሥራ፣ ለልጁ ጨዋታ! እንዲህ ያለውን አስተሳሰብ የዋህነት ነው ብዬ ለማለፍ ብዙ ሞክሬአለሁ፤ ትርፉ ሁልጊዜ ወደ አንድ ወገን ስለሚያደላ ግን አልቻልኩም።

የጨዋታውን ዓይነት ማየት የፈለገ ሌላውን የሆሊውድ ሕፃን ተዋናይ ጃኪ ኩፐርን ያስታውስ። በ1931 በተሠራ ፊልም ላይ ማልቀስ ነበረበት፣ እንባው ግን እምቢ አለ። ዳይሬክተሩ ኖርማን ቶሮግ፣ የልጁ የገዛ አክስቱ ባል፣ ውሻህ ይገደላል ብሎ አስፈራራው፤ ጥበቃውም ውሻውን የገደለ አስመሰለ። ልጁ አለቀሰ፣ ካሜራውም ቀረጸ። ኩፐር ይህን ሸክም እስከ ጉልምስናው ተሸክሞት ኖሮ ራሱ ተናግሮታል። በዚያ ፊልም ቶሮግ የምርጥ ዳይሬክተር ኦስካር ሲወስድ፣ የዘጠኝ ዓመቱ ልጅ ለምርጥ ተዋናይ ታጭቶ ባዶ እጁን ቀረ። የዚያው ዘመን ሕፃን ኮከብ ሸርሊ ቴምፕልም እንደዚሁ ገና ትንሽ ሳለች በሠራችባቸው አጫጭር ፊልሞች ቀረጻ ላይ ያስቸገረ ሕፃን የበረዶ ግግር ወዳለበት ጨለማ ሣጥን ይገባ እንደነበር አድጋ ጽፋለች። ይህም ጨዋታ ይሆን?

«ወላጅ ለልጁ ያውቃል» የሚለው ሁለተኛው መከላከያ ትንሽ ይሻላል፤ ትንሽ ብቻ። የቴምፕል አባት የባንክ ሰው ነበሩ። ገንዘብ አያያዝን ከእሳቸው በላይ የሚያውቅ ወላጅ ከየት ይመጣል? ሆኖም ከ3 ሚሊዮን ዶላር በላይ ያስገባች ልጅ አድጋ ሒሳቡን ስታይ ያገኘችው 44 ሺህ ገደማ ነው። ችግሩ የወላጅ ክፋት ላይሆን ይችላል። አባት ሥራውን ትቶ የልጁ ወኪል ሲሆን፣ የቤት ኪራዩም የታናናሾቹ ትምህርት ቤትም በልጁ ክፍያ ሲሸፈን፣ ዳይሬክተሩ «አንድ ሰዓት ብቻ ጨምሩልኝ» ሲል «ልጄ ደክሞታል» የሚለው ማን ነው? ደመወዝተኛ አለቃውን አይቆጣም፤ በዚያ ቤት ደግሞ ደመወዝ ከፋዩ ልጁ ነው።

በልጅነታቸው ተዋናይ የነበሩት ጆዲ ፎስተርና ዳንኤል ራድክሊፍ በሰላም አድገው የለም ወይ ይሉኛል። አድገዋል፣ እሰየው። ከድልድይ የለሽ ወንዝ ሁለት ሰዎች ዋኝተው መውጣታቸው ድልድይ አያስፈልግም አያሰኝም።

ቢሮክራሲ የተባለው ነገርስ ምንድን ነው? የኩጋን ጉድ ከወጣ በኋላ ካሊፎርኒያ በ1939 ሕግ አወጣች። ሕጉ ቀዳዳ ነበረው፣ ፍርድ ቤት ያልቀረበ ውል ያመልጠው ነበር፤ ቀዳዳውን ለመድፈን እስከ 2000 መጠበቁ ራሱ የሚያሳፍር ነው። ዛሬ ግን ልጁ ያገኘው ገንዘብ የልጁ ነው ይላል፣ ከዚያም 15 በመቶው ወላጅ ሊነካው በማይችለው ሒሳብ ይቀመጣል። ስድስት ወር ያልሞላው ሕፃን በቀን ከ20 ደቂቃ በላይ አይቀረጽም። ለተማሪው ቀረጻ ቦታ ድረስ መምህር ይመደባል። ይህ ሁሉ ሆኖ የሆሊውድ ስቱዲዮዎች በራቸውን አልዘጉም። ዓለም አቀፉ የሥራ ድርጅትም በ1973 ባወጣው ስምምነት ቁጥር 138 አንቀጽ 8 ላይ ሕፃናት በኪነ ጥበብ እንዲሳተፉ በር ከፍቷል፤ ግን ለእያንዳንዱ ልጅ ፈቃድ ተሰጥቶ፣ ሰዓቱ ተወስኖ፣ ሁኔታው ተዘርዝሮ። ጨዋታ ቢሆን ኖሮ ፈቃድ ምን ይሠራል?

ፕሮዲዩሰሩ በዚህ ላይ ዘመኑም የቀደማቸው ይመስለኛል። ፈረንሳይ በ2020፣ የአሜሪካዋ ኢሊኖይ ግዛት ደግሞ ከሐምሌ 2024 ጀምሮ፣ ወላጆቻቸው በኢንተርኔት ቪዲዮ ለሚያቀርቧቸው ልጆች ሳይቀር ከገቢው ድርሻ እንዲቀመጥ ደንግገዋል። ሳሎን ውስጥ በስልክ የተቀረጸ ልጅ ገንዘቡ ሲጠበቅለት፣ በመብራትና በሙሉ ቡድን ፊት የሚውለው ልጅ ግን «ይጫወታል» ተብሎ ባዶውን ይቀመጥ?

የሚጠየቁት እኮ ብዙ አይደለም። የቀረጻ ሰዓት ገደብ፣ ከትምህርት የማይነጥል መርሐ ግብር፣ ከወላጅም ከፕሮዲዩሰርም ደመወዝ የማይበላ ተቆጣጣሪ፣ በልጁ ስም የተከፈተ ዝግ ሒሳብ። በጀቴ ይህን አይችልም የሚሉ ከሆነ ስክሪፕቱ ላይ የሰባት ዓመቱን ልጅ ይሰርዙትና በቦታው አዋቂ ይጻፉ።