እርማት፦ ባለ ፕሮፔለር አውሮፕላን ሁሉ አሮጌ አይደለም

ወንድሜ፣ «ጄቱ ለትልልቅ ከተሞች፣ ለጅማ ግን ውራጁ ባለ ፕሮፔለር» ያልከው ስህተት ነው፤ እርግጥ ብዙ ሰው ይለዋል። የኢትዮጵያ አየር መንገድ ለአገር ውስጥ በረራ የሚጠቀምበትን ቦምባርዲየር ኪው 400 የተባለ ባለ ፕሮፔለር አውሮፕላን መረከብ የጀመረው በፈረንጆቹ 2010 ነው። ፕሮፔለሩን የሚያሽከረክረውም ቢሆን የጄት ዘመድ የሆነ ተርባይን ሞተር ነው። ከአዲስ አበባ ጅማ በአየር አንድ ሰዓት እንኳ አይሞላም፤ በዚህ አጭር መንገድ ጄት ከፍታው ላይ ወጥቶ ሳይደላደል መውረድ ይጀምራል፣ ነዳጁን ይፈጃል እንጂ ብዙ ደቂቃ አያተርፍም። ጅማ ደግሞ ከባሕር ጠለል በላይ 1,700 ሜትር ገደማ ላይ ናት። እዚህ ከፍታ ላይ አየሩ ስስ ስለሆነ ማንኛውም አውሮፕላን ለመነሳት ረዘም ያለ መንደርደሪያ ይፈልጋል፤ ባለ ፕሮፔለሩ በአጭሩ ይነሳል። አንዱ ሞተር ቢጠፋም በቀሪው በርሮ እንዲያርፍ ተደርጎ የተሠራ ነው። ጫጫታውን ግን አልክድህም፣ በተለይ ክንፉ አጠገብ ከተቀመጥክ።