«ራሱን ነው የተጫወተው» አሉን

ባለፈው ቅዳሜ አዲስ አበባ ውስጥ አንድ የፊልም ውይይት ላይ ነበርኩ። የሶቭየቱ ኮሜዲ ፊልም «ሚሚኖ» ታየ። አዳራሹ በሳቅ ሞተ። ከዚያ መብራት በራና አወያዩ ማይክ ያዘ። ምነው ባልበራ!

«ይሄ አፍንጫው ትልቅ የሩሲያ ኮሜዲያን» አለ፣ በፊልሙ ውስጥ ስለሚጫወተው ስለ ፍሩንዚክ ምክርትችያን ሲያወራ። «እውነቱን ለመናገር ትወና አይደለም። ራሱን ነው የተጫወተው። አክሰንቱ ሠርቶለታል።» በዚህም አልበቃውም። የእኛዎቹን ቀልደኞች «ወደ ቁም ነገር ሥራ እደጉ» ብሎ መከረ። ሰውም አጨበጨበ። እኔ ቡናዬን ትቼ ወጣሁ።

ከ«ሩሲያ» ልጀምር፤ እሱ ይቀላል። ሰውየው አርመን ነው። እ.ኤ.አ. በ1930 ሌኒናካን ተወለደ (ዓመቶቹን ሁሉ በፈረንጅ ነው የምጽፈው)። ከተማዋ ዛሬ ጊዩምሪ ትባላለች። እናትና አባቱ በ1915 የአርመኖች ጭፍጨፋ ወላጆቻቸውን ያጡ፣ የሙት ልጆች ማሳደጊያ ያሳደጋቸው ነበሩ። ፍሩንዚክ የሚለው ስም የመጣው ከሶቭየት ቀይ ጦር አዛዥ ከፍሩንዜ ነው። ወገኖቹ ግን ምሄር አሉት። ምሄር ከአርመኖች የጀግና ተረት ውስጥ የወጣ ስም ነው። ሕዝብ በጀግናው ስም የጠራውን ሰው አንስቶ ለሌላ አገር ማደል ምን ይሉታል?

አርመን ማን እንደሆነ ለማወቅ ደግሞ ለእኛ ሩቅ አልነበረም። ራስ ተፈሪ በ1924 ኢየሩሳሌም አግኝተው ያስመጧቸው «አርባ ልጆች» የዚያው ጭፍጨፋ የሙት ልጆች ናቸው። ከነሱ ጋር የመጣው ኬቮርክ ናልባንዲያን የንጉሠ ነገሥቱን ዘመን መዝሙር ዜማ ደረሰ። የወንድሙ ልጅ ነርሲስ ናልባንዲያን ደግሞ ዛሬ ብሔራዊ ቴአትር በምንለው ቤት ስንቱን ሙዚቀኛ አሠለጠነ። በዚህ ከተማ ተቀምጦ አርመኑን ሩሲያዊ ማለት ስንፍና ነው።

«ሚሚኖ» ራሱስ ቢሆን? ዳይሬክተሩ ጊዮርጊ ዳኔሊያ ጆርጂያዊ ነው። ሄሊኮፕተር አብራሪውን የሚጫወተው ቫክታንግ ኪካቢድዜ ጆርጂያዊ ነው። የጭነት መኪና ሹፌሩን ሩቢክን የሚጫወተው ምክርትችያን ነው። ሁለቱ ተራራ ለተራራ ጎረቤቶች ናቸው፤ ሞስኮ ሆቴል ውስጥ ተገናኝተው የሚግባቡት ግን በሰው ቋንቋ ነው። የፊልሙ ሳቅም ኀዘንም እዚያው ላይ ነው። አዎ፣ የሠራው የሞስኮው ስቱዲዮ ሞስፊልም ነው። እሺ፣ እሱን ልስጠው። ሌላ የምሰጠው የለኝም።

አሁን ወደ አክሰንቱ። እዚህ ላይ ነው ደሜ የፈላው።

ዋሽንግተን ወይም ፍራንክፈርት ያለ ዘመድ አላችሁ? ደውላችሁ ጠይቁት። ሃያ ዓመት ኖሯል። ቋንቋውን አቀላጥፎ ይናገራል። ባንክ ይከራከራል፣ ሐኪም ያስረዳል። ግን አንድ ቀልድ በዚያ ቋንቋ ነግሮ ሰው አስቆ ያውቃል? በአማርኛ ሰፈር የሚያፈርስ ሰው እዚያ ሲደርስ ቀልዱ አፉ ላይ ይሞትበታል። ቃሉን ያውቀዋል፤ ጊዜውን ነው የሚያጣው። ቀልድ በግማሽ ሰከንድ ከዘገየ ወሬ ነው፤ በግማሽ ሰከንድ ከቀደመ ደግሞ ማንም አልሰማውም። ቋንቋ የሚሰበርበት ሰው አክሰንቱ አይሠራለትም፤ ይሠራበታል እንጂ። ይስቁበታል።

ፍሩንዚክ ግን እንዳይስቁበት አድርጎ አሳቃቸው። በራሱ አርመንኛ ሳይሆን በሁለተኛ ቋንቋው በሩሲያኛ፣ በሚሊዮን የሚቆጠር ሰው ፊት። ሩቢክ ሰዋስው ሲሰብር እያያችሁ የምታፍሩት ለሱ አይደለም። ከሱ ጋር ሆናችሁ ሞስኮን ነው የምትታዘቡት። ፍርድ ቤት ቆሞ ሲመሰክር አስተውሉት። ሰውየው ጓደኛውን ሊያድን ይፈልጋል፤ ግን ባወራ ቁጥር የባሰ ያስረዋል። ይህንን እየተረዳ ሲሄድ ፊቱ ላይ የሚያልፈውን ነገር የቱ አክሰንት ነው የሠራው? ከዚያ በላይ ትወና ካለ አሳዩኝና ልማር። በ1978 የሶቭየት ሕብረት የመንግሥት ሽልማት የተሰጠው ለዚህ ፊልም ነው። ለአፍንጫው አይመስለኝም።

«ራሱን ተጫወተ» የሚባለው ነገር ደግሞ የሚመጣው መድረኩን ካለማየት ነው። ወላጆቹ የሌኒናካን ጨርቃ ጨርቅ ፋብሪካ ሠራተኞች ነበሩ። እሱም ልጅ ሆኖ በፋብሪካው ክበብ ውስጥ የፊልም አሳዪው ረዳት ነበር፤ ትወናውንም የጀመረው እዚያው ነው። ቀጥሎ የከተማው ቴአትር ቤት ገባ። ከዚያ ወደ አርመን ዋና ከተማ ወደ የሬቫን ሄዶ የቴአትር ተቋም ተማረ፤ በ1956 ጨረሰ። ከዚያም አርመኖች አንደኛ የሚሉት የሱንዱክያን ቴአትር ተዋናይ ሆነ። ካሜራ ዓለም ሳያሳውቀው በፊት በየምሽቱ ላብ ሲያንጠባጥብ የኖረ ሰው ነው። እኛ ያየነው ፍሬውን ነው። ሥሩን ያላየ ሰው «ዛፉ በራሱ በቀለ» ይላል።

የ1967ቱን የሊዮኒድ ጋይዳይ ኮሜዲ አስታውሱ፤ ልጅቷ የምትጠለፍበትን። ፍሩንዚክ አጎትየው ነው። የእህቱን ወይም የወንድሙን ልጅ ለአንድ ባለሥልጣን ይሸጣል። ሃያ አምስት በግ ይጠይቃል፤ ባለሥልጣኑ ወረዳችን የሱፍና የሥጋ ኮታውን ገና አልጨረሰም ብሎ ይከራከራል! በመጨረሻ ከበጎቹ ላይ የፊንላንድ ማቀዝቀዣ ይጨመራል። ይህንን ትዕይንት ሌላ ሰው ቢጫወተው ዓይኑን ይጠቅስ ነበር፤ «ቀልዴ ነው፣ ሳቁ» ይለን ነበር። ፍሩንዚክ ግን አንዴ እንኳ አይስቅም። እንደ በሬ ገበያ ነው የሚደራደረው፣ በሙሉ ልቡ። ለዚህ ነው ሳቁ ጉሮሮ ላይ የሚቀረው። ራሱን ከሆነ የተጫወተው፣ ሰውየው ልጅ ሸጧል ማለት ነው?

ቁም ነገርም ለሚፈልግ አለ። የሄንሪክ ማልያን «እኛ ነን ተራሮቻችን» በ1969 ወጣ። እረኞች የጠፋ በግ አርደው ይበላሉ፤ ከዚያ መርማሪ ይመጣል። ፍሩንዚክ እዚያ ውስጥ ተራራ ነው። በ1977 ደግሞ «ወታደሩና ዝሆኑ» አለ። ጦርነቱ ሲያበቃ አንድ አርመን ወታደር ከጀርመን ዝሆን ይዞ ወደ የሬቫን ይጓዛል። ከጎኑ ያለው ተዋናይ አብዛኛውን ጊዜ ዝሆን ነው። እስቲ ከዝሆን ጋር አክሰንት ምን ያደርጋል? እኔ ከሱ የተሻለ ዝም የሚል ተዋናይ አላየሁም። ያየ ካለ ይንገረኝ፤ ግን አላምንም።

ራሱማ ሌላ ሰው ነበር። ባለቤቱ ዶናራ፣ እሷም ተዋናይት፣ በዚያው በጠለፋው ፊልም ውስጥ አለች። ከጊዜ በኋላ በአእምሮ ሕመም ከመድረኩም ከቤቷም ራቀች። መጠጡ የመጣው ከዚያ ነው ይላሉ፣ ከዚያ በፊት ነው የሚሉም አሉ፤ ያ የኛ ጉዳይ አይደለም። በ1988 ዓመቱ ሊያልቅ ሲል የመሬት መንቀጥቀጡ የተወለደባትን ከተማ አፈራረሳት። በዚያች ከተማ ሰው በቀልድ ነው የሚታወቀው፤ ካልቀለዱ መቼ ሊኖሩ ኖሯል። ቤቱ እንዲህ ሆኖ ሌሊቱን ያደረ ሰው ጠዋት ተነስቶ አገር ያስቃል። ይህንን «ራሱን ነው» የሚል ሰው ትወና የሚለው ምኑን ይሆን?

የእኛዎቹን የመከረበት ምክርም የመጣው ከዚሁ ንቀት ነው። የሚያስቅ ሰው ገና ያላደገ ልጅ ይመስለዋል። አባባ ተስፋዬን አስታውሱ። «ጤና ይስጥልኝ ልጆች» ብቻ ነው የቀረን። ሰውየው ሴት ተዋናይ በሌለበት ዘመን የሴት ገፀ ባሕርይ እየተጫወተ መድረክ ያቆመ፣ የቴአትር አንጋፋ ነበር። እሱም «እደግ» ይባል ነበር?

ፍሩንዚክ በታኅሣሥ 29 ቀን 1993 አረፈ። ያን ክረምት የሬቫን መብራትም ማሞቂያም አልነበራትም፤ ጦርነትና እገዳ ነበር። አዲስ ዓመት ሊብት አንድ ቀን ሲቀረው ቀበሩት። በዚያ ብርድ ሕዝቡ ወጥቶ ሸኘው። «የሩሲያ ኮሜዲያን» እንዲህ አይሸኝም።

አወያያችን ይህን ካነበበ አንድ ነገር ልጠይቀው። በሚቀጥለው ቅዳሜ «ሚሚኖ»ን ተወውና «ወታደሩና ዝሆኑ»ን አሳየን። ከፊልሙ በኋላ ማይኩን ለማንም አትስጥ፣ ለራስህም ጭምር። ፕሮጀክተር ከሌላችሁ እኔ አመጣለሁ።