እትዬን የረታናቸው እኛ ነን

ወገኖቼ፣ የአዳማ ሰዎች፣ ይህን የምጽፈው ተናድጄ ነው። ከተናደድኩባቸው ሰዎች አንዱ ራሴ ነኝ።

በእኛ ሰፈር እንጀራ ጋግረው የሚሸጡ አንዲት እናት አሉ። ሁላችንም እትዬ እንላቸዋለን። ከ3 ዓመት በፊት፣ ባለቤታቸው ሲያርፉ፣ በተረፈቻቸው ገንዘብ ሁለት ክፍል ቤት ገዙ። የሸጠላቸው ሰውዬ ግን ኮርኒሱ ውስጥ አንድ ነገር ቀብሮ ነበር። ከምሰሶው የሚመጣው መስመር ቆጣሪው ጋ ከመድረሱ በፊት ሌላ ሽቦ ተቀጥሎበታል። መጋጠሚያው በቀይ ናስትሮ ተጠቅልሏል። የጓዳው ሶኬት የሚሠራው በዚያ ሽቦ ነው። እትዬ የት ያውቃሉ? ምጣዱን ይሰካሉ፣ ይግላል። ቢል ሲመጣ ይከፍላሉ። ማነሱንስ ከማን ቢል ጋር ያስተያዩት?

እኛ ግን እናውቅ ነበር። እኔማ በደንብ አውቃለሁ። ያ ሽቦ ሲቀጠል የተወጣበት መሰላል የእኔ ነው። በር ላይ ቆሜ አየሁ። ሲጨርሱ መሰላሌን መለሱልኝ። "ሰውዬው ብልጥ ነው" ብዬ ቤቴ ገባሁ።

አምና በጥቅምት የመብራት ሰዎች ለፍተሻ መጡ። ጠዋት ነው። ሊጡ ኩፍ ብሏል፣ ምጣዱ ተሟሽቷል። አንዱ ወጣት ኮርኒሱን ገፋ አድርጎ በሞባይሉ አበራና "እናቴ፣ ይሄ ምንድን ነው?" አላቸው። እትዬ ቀና ብለው አዩ። ሽቦ መሆኑን እንጂ ሌላ አላወቁም። ቃለ ጉባኤ ተጻፈ። ምጣዱ፣ ፍሪጁ፣ ምድጃው አንድ በአንድ ተቆጠረ። ሁለት ጎረቤቶች "መስመሩ ሲገኝ አይተናል" ብለው ፈረሙ። መቼ እንደተቀጠለ የጠየቃቸው የለም፤ እነሱም ትንፍሽ አላሉም። መብራቱ ተቆረጠ። በሦስተኛው ቀን ያ ሁሉ ሊጥ ቦይ ውስጥ ሲደፋ አየሁ።

ቅጣቱ 94 ሺህ ብር ሆኖ መጣ። ክስም ተከተለ።

የ1952ቱ የፍትሐ ብሔር ሕጋችን ግዴታ አለብህ የሚል ወገን ግዴታው መኖሩን ያስረዳ ይላል። ከሳሾቹ አስረዱ። ሽቦው እትዬ ቤት ነው፣ ቃለ ጉባኤው ላይ ፊርማ አለ። ከዚያ በኋላ "እኔ ስገባ ያገኘሁት ነው" የሚለውን ማስረዳት የእትዬ ፋንታ ሆነ። ምስክር ቁጠሩ ተባሉ።

አንድ ማታ በሬን አንኳኩ። አልቀመጥም አሉ፤ ነጠላቸውን እያጣፉ ቆሙ። "ልጄ፣ አንተ እኮ ያን ጊዜም እዚሁ ነበርክ። አይተህ ይሆን?"

"እትዬ፣ እኔ ሥራ ቦታ ነበርኩ መሰለኝ" አልኳቸው።

ዓይኔን አዩት። መሰላሉ ከጀርባቸው ግድግዳው ላይ ተደግፎ ቆሟል። "ይሁን ልጄ፣ እግዜር ይስጥልኝ" ብለው ወጡ። ሌላም 4 ቤት አንኳኩ። መልሱ ያው ነው። አንዱ ሰውዬውን ፈራ። አንዱ የራሱ ኮርኒስ ይፈተሽብኛል ብሎ ፈራ። እኔ ምን እንደፈራሁ እስከ ዛሬ አላውቅም። እትዬ ያለ ምስክር ቀርበው ተፈረደባቸው። በዳኛው አልፈርድም፤ ፊቱ የቀረበለትን ነው ያየው።

ወገኖቼ፣ ምን ነካን? ፖስታ ቤት አካባቢ ሞባይል የነጠቀ ልጅ ሲሮጥ ሰፈሩ ተጠራርቶ ይይዘዋል። መብራት የሰረቀውን ግን "ጎበዝ ነው" እንላለን። አዋጅ ቁጥር 810/2006 ይህን በወንጀል እንደሚያስቀጣ ሳንሰማ ቀርተን አይደለም። "የመንግሥት ነው፣ ማን ይጎዳል" እንላለን እንጂ። ትራንስፎርመሩ ከአቅሙ በላይ ተጭኖ ሲቃጠል በጨለማ የምናድረው ማን ሆነን ነው? ደግሞ እኛ ስለ መብራት እንድንነገር? ቆቃ ከ1952 ጀምሮ አፍንጫችን ሥር ነው። 136ቱ የነፋስ ማማዎች ከከተማችን ወጣ ሲሉ ይታያሉ። ኃይል ከየት እንደሚመጣ እያየን ያደግን ሰዎች ነን።

አሁን እትዬ ምጣዳቸውን ሸጠዋል። በእንጨት ነው የሚጋግሩት። ጭሱ በአጥራችን ላይ እያለፈ ቤቴ ይገባል። መስኮቴን መዝጋት አልቻልኩም።

ባለፈው እሑድ ሄድኩ። "እመሰክራለሁ፣ መሰላሉም የእኔ ነው" አልኳቸው። ብዙ ዝም አሉ። ከዚያ ቡና አፈሉልኝ። እሱ ከስድብ ባሰብኝ።

ጠበቃቸውንም አነጋገርኩ። ይግባኝ የሚባልበት ጊዜ 60 ቀን ነው፣ 41ዱ አልፏል። ይግባኝ ሰሚው ካላስፈለገው በቀር አዲስ ምስክር በቀላሉ አይሰማም፣ ብዙ ተስፋ አታድርጉ ብሎናል። እኔም ብዙ ተስፋ አላደረግኩም። ግን አንድ ሰው ብቻ ሲናገርና አምስት ሰው ሲናገር ልዩነት ይኖረዋል ብዬ አስባለሁ።

የዚያን ቀን በር ላይ የነበራችሁ ራሳችሁን ታውቃላችሁ። ስም አልጠራም። ሰኞ ጠዋት 2 ሰዓት ተኩል ከእትዬ ጋር ጠበቃው ቢሮ እንሄዳለን። እኔ በራቸው ላይ ቆሜ እጠብቃችኋለሁ።