እጃችሁ ይባረክ፣ ሰው ወልዋዮች

ጃፓን መኪና ይሠራል፣ ካሜራ ይሠራል፣ ሰዓት ይሠራል ሲባል ሰምተናል። ሰው ሲሠራ ግን ማን አመሰገነው? አንድ ታላቅ ሰው ሲሞት (አንዳንዱማ እስኪሞትም አይጠበቅ) ባለሙያዎቹ ይሰበሰቡና ይፈቱታል። ዝገቱን ይፍቃሉ፣ ያጥባሉ፣ ይወለውላሉ። መልሰው ሲገጥሙት አምስት ስድስት ብሎን ይተርፋል። ብሎኑ የት ገባ ብሎ የሚጠይቅ ባለጌ ነው።

ከዚህ ጋራዥ የሚወጣው መጽሐፍ «ኢጂንደን» ይባላል፤ የታላቅ ሰው ታሪክ ማለት ነው። ለልጆች ይጻፋል፣ ዛሬ ዛሬ በማንጋም (በጃፓኖቹ የሥዕል ታሪክ) ይሣላል። እኛ ገድል ብንለው ይቀርባል። በገድላችን ውስጥ ግን ቢያንስ ሰይጣን መጥቶ ይፈትናል። በኢጂንደን ያለው ፈተና ድህነት ብቻ ነው፤ እሱም ሦስተኛው ምዕራፍ ላይ ይሸነፋል።

የጋራዡ ኩራት የባክቴሪያ ተመራማሪው ኖጉቺ ሂዴዮ ነው። ጥሬ ዕቃው ገና ሲመጣ ግማሹ ያለቀለት ነበር። በ1876 (ዓመቱ ሁሉ በፈረንጅ አቆጣጠር ነው) በፉኩሺማ፣ ኢናዋሺሮ ከሚባል ቦታ ከድሃ ገበሬ ቤት ተወለደ። ገና ሁለት ዓመት ሳይሞላው ከወለሉ መሃል በተቆፈረው ምድጃ ውስጥ ወድቆ የግራ እጁ ጣቶች በቃጠሎ ተጣበቁ። እናቱ ሺካ ጉልበቷን ሸጣ አሳደገችው። በ1892 መምህሩና ጓደኞቹ ገንዘብ አዋጥተው እጁን በቀዶ ጥገና አስከፈቱለት። በ1896 ወደ ቶኪዮ ሲሄድ ዓላማውን ካላሳካ ያንን መሬት ዳግም እንደማይረግጥ በቤታቸው ምሰሶ ላይ በስለት ቀርጾ ወጣ። ምሰሶው ዛሬም ቆሟል፤ ጎብኚ ፎቶ ያነሣዋል። እስከዚህ ድረስ ወልዋዩ ሻይ እየጠጣ ነው፤ ሥራው ራሱን በራሱ እየሠራለት።

ላብ የሚያፈሰው ከዚህ በኋላ ነው። ሰውየው ቶኪዮ ሲገባ የሕክምና ፈተናውን በ1897 አለፈ፤ መጠጥ ቤቱንና ጨዋታውን ግን ማለፍ አቃተው። መበደር ያውቅበታል። ዋና አበዳሪው የጥርስ ሐኪሙ ቺዋኪ ሞሪኖሱኬ ነበር፤ ሰጠው፣ ጨረሰው፣ ደግሞ ሰጠው። አሜሪካ ለመሄድ የመርከብ ገንዘብ ሲያጣ ኖጉቺ አንዲት ልጅ አጨ፤ ቤተሰቧ ለጋብቻው የሰጡትን ብር ተቀበለ፤ ከዚያም ዮኮሃማ ላይ በስንብት ግብዣ አጠፋው። ቺዋኪ ምስኪኑ ካራጣ አበዳሪ ተበድሮ በ1900 መጨረሻ አሳፈረው። ጋብቻው ቀረ። የሙሽሪትን ቤተሰብ ገንዘብ ከዓመታት በኋላ የመለሰው ማን ይመስላችኋል? እሱው ጥርስ ነቃዩ።

አሁን የባለሙያውን ጥበብ ተመልከቱ። ይህ ሁሉ ግብዣ፣ ይህ ሁሉ ዕዳ፣ ያቺ የተተወች እጮኛ በልጆች መጽሐፍ ውስጥ በሁለት ቃል ይከፈላል፦ ብዙዎች ረዱት። ይኸው ነው። እንዲህ ያለ ዕዳ ማቅለያ የትኛው ባንክ ያውቃል?

ደግሞ ልብ በሉ፤ ውሸት የለበትም። ብዙዎች ረድተውታል! ጀማሪ ይዋሻል፣ አዋቂ ይቀንሳል።

ስሙን የቀየረበትም ነገር አለ። ትክክለኛ ስሙ ሴይሳኩ ነበር። አንድ ቀን ያነበበው ልቦለድ ውስጥ ኖኖጉቺ ሴይሳኩ የሚባል ባለ ተስፋ የሕክምና ተማሪ በብልግና ሲበላሽ አየ። መጽሐፉ የወጣው ኖጉቺ የአሥር ዓመት ልጅ ሳለ ነው፤ ደራሲው ስለ እሱ ወሬም አልሰማ። ሰውየው ግን ደነገጠ፤ ጠባይ ከመቀየር ስም መቀየር ቀለለውና ሂዴዮ ሆነ፤ በዓለም የላቀ እንደማለት። ወልዋዮቹ ይህን ሲተርኩት ራሱን ያረመ ጎልማሳ ይሆናል። የዮኮሃማው ግብዣ ከስም ለውጡ በኋላ መሆኑን ካሌንደር ያለው ይቁጠር።

ሳይንሱ ላይ ሲደርሱ ደግሞ መጥረጊያው ወፍራም ይሆናል። በኒው ዮርክ ሮክፌለር የምርምር ተቋም ከሃያ ዓመታት በላይ እንቅልፍ ሳያውቅ ሠርቷል። በ1913 የአእምሮ ሕመም ካለባቸው የቂጥኝ በሽተኞች አንጎል ውስጥ ተዋሲውን አገኘ፤ ይህ እስከ ዛሬ የጸና ሥራ ነው። ከዚያ በፊት በ1911 የቂጥኝን ተዋሲ ለብቻው አሳደግሁ ያለውን ግን ማንም ሊደግመው አልቻለም። በ1918 ኢኳዶር፣ ጓያኪል ሄዶ የቢጫ ወባ መንስኤ ጠመዝማዛ ባክቴሪያ ነው አለ። ስህተቱ የሚገባ ስህተት ነው፦ በአይጥ ሽንት የሚተላለፈው ጠመዝማዛ ባክቴሪያ፣ ሌፕቶስፓይራ፣ የሚያመጣው ሕመምም ትኩሳት አለው፣ ዓይን ያስቢጫል፤ ሁለቱን በሽተኛ ማደባለቅ ይቀላል። የቢጫ ወባው ተዋሲ ቫይረስ ነበር፤ የዚያ ዘመን ማይክሮስኮፕ ሊያየው አይችልም፣ ባክቴሪያ የሚያስቀረው ማጣሪያ ውስጥም ያልፋል። በ1927 ምዕራብ አፍሪካ የነበሩ ተመራማሪዎች በሽታውን ወደ ዝንጀሮ አስተላልፈው ይህንኑ ሲያሳዩ ኖጉቺ ሊሞግታቸው ወደ አክራ ወረደ። ግንቦት 21 ቀን 1928 በዚያው በቢጫ ወባ ሞተ፤ 51 ዓመቱ ነበር።

መጽሐፉ ምን ይላል? ቢጫ ወባን ሲያጠና በቢጫ ወባ ሞተ። ጥርት ያለ እውነት! ተሳስቶ እንደነበር፣ ስህተቱን ሲከራከር እንደሞተ ብትጨምሩ ልጆቹ ሊያዝኑለት ይችሉ ነበር፤ ያ ደግሞ ከማድነቅ ያዘናጋቸዋል።

ከኅዳር 2004 እስከ ሐምሌ 2024 ድረስ በሺህ የን ኖት ላይ ፊቱ ነበር። ዕድሜውን በሰው ኪስ ሲኖር የቆየ ሰው በመጨረሻ ራሱ ገንዘብ ሆኖ በሰው ኪስ ገባ። በቦታው የተተካው ኪታሳቶ ሺባሳቡሮ ነው፤ ኖጉቺ በወጣትነቱ ረዳት ሆኖ የተቀጠረበት ተቋም አለቃ። አለቃ መቼም ዘግይቶ ይገባል።

በሕይወት ላሉት የሚሠራው ውልወላ ከዚህ ይፈጥናል። የኢኮኖሚ ጋዜጣው ኒሆን ኬይዛይ ከ1956 ጀምሮ በመጨረሻ ገጹ «ዋታሺ ኖ ሪሬኪሾ» የሚል ዓምድ አለው፤ «የእኔ የሥራ ታሪክ» በሉት። አንድ ሰው አንድ ወር ሙሉ በየቀኑ ይወጣል፣ ሠላሳ ክፍል ገደማ። አንዳንዱ ራሱ ይጽፋል፣ አንዳንዱን ጋዜጠኛ አስወርቶ ያቀናብርለታል። የኩባንያ ፕሬዚዳንት ከሆኑ አሠራሩ እነሆ፦ የመጀመሪያዎቹን ቀናት ለእናት ይስጡ። ጦርነቱን ወይም ረሃቡን ለሁለት ቀን ያቆዩ። መሃል ላይ የግድ «ሳሴን» ያስፈልጋል፤ ወደ ሩቅ ቅርንጫፍ ተገፍቶ መዛወር ማለት ነው። ያልተገፉ ከሆነ ፈልገው ይገፉ፤ ያለ ሳሴን የወጣ ፕሬዚዳንት ጨው የሌለው ወጥ ነው። የገፋዎትን አለቃ ስም አይጥሩ፤ ልጆቹ ጋዜጣውን ያነባሉ። ኩባንያው ቅሌት ገጥሞት ከነበረ «አስቸጋሪ ጊዜ ነበር» ይበቃዋል። የመጨረሻዎቹ ሁለት ቀናት ላይ ባለቤትዎን ያመስግኑ። ለእናት አምስት ቀን፣ ለሚስት አንድ አንቀጽ፤ ሚዛኑ እንዳይዛባ።

ሙያውን የሚያሰድብም አይጠፋ። ፉኩዛዋ ዩኪቺን ውሰዱ፤ የኬይኦ ዩኒቨርሲቲ መሥራች፣ አርባ ዓመት በአሥር ሺህ የን ኖት ላይ የኖረ ሰው። ሽማግሌ ሳለ ሕይወቱን እየተናገረ አስጽፎ በ1899 አሳተመ። ምን ነካው? ከልጅነቱ ጀምሮ መጠጥ ወዳድ እንደነበር ይናዘዛል። ኢናሪ የሚባለውን የሩዝ አምላክ መቅደስ ከፍቶ የሚመለከውን ድንጋይ ጥሎ ሌላ ድንጋይ እንደተካበት፣ ሰዎቹ በበዓሉ ቀን ከበሮ ይዘው ያንን ሲያመልኩ በሆዱ እንደሳቀ ይተርካል። ኦሳካ ተማሪ ሳለ መጠጥ ሊተው ቆርጦ ተነሣ፤ ጓደኛው ሐዘኑን እንዲያስረሳው ትንባሆ ሞክር አለው፤ ሞከረ፤ ወር ሳይቆይ መጠጡም ተመለሰ፣ ትንባሆውም ተጨመረለት። እንዲህ ያለ ሰው ምን ተብሎ ይወለወላል? ራሱ ቀድሞ አፈረጠው። ከመቶ ዓመት በላይ እየተነበበ መሆኑ የአንባቢን ጥመት ያሳያል።

በ2024 የተካው ሺቡሳዋ ኤይኢቺ ይሻላል። ወደ 500 በሚጠጉ ኩባንያዎች መመሥረት እጁ አለበት፣ ንግድን ከጥንቱ ቻይናዊ ፈላስፋ ከኮንፊሽየስ ትምህርት ጋር ሲያስታርቅ ኖረ። ዕቁባቶቹንና ከትዳር ውጭ የወለዳቸውን መጽሐፉ በቀላሉ ይዘላል። ያልዘለሉት ሚስቱ ናቸው። ልጃቸው እንደጻፈው፣ አባታችሁ ኮንፊሽየስን መምረጡ ብልህነት ነው፣ መጽሐፍ ቅዱስን ቢይዝ ከቶም ባልጠበቀው ነበር ይሉ ነበር። ሚስትን ቀድሞ አንድ አንቀጽ ያልሰጠ እንዲህ ይሆናል።

የእኛ ሰዎችም ከዚያ ጋራዥ ደንበኝነታቸው የቆየ ነው። ብላቴን ጌታ ኅሩይ ወልደ ሥላሴ በ1931 ጃፓን ደርሰው ሲመለሱ የጻፉት መጽሐፍ «ማኅደረ ብርሃን ሀገረ ጃፓን» ይባላል፤ ገና ከሽፋኑ ዓይን ያጥበረብራል። የዛሬዎቹ አነቃቂ ተናጋሪዎቻችን ደግሞ ቶኪዮ የታጠበውን ሰው በእንግሊዝኛ ያለቀልቁና በአማርኛ ያሰጡታል። ሦስት ጊዜ ታጥቦ ቀለም የሚይዝ ልብስ አላየንም።

ሁሉንም የሚያስንቀው ግን ኒኖሚያ ኪንጂሮ ነው፤ በ1787 የተወለደ። ትልቅ ሰው ሆኖ የተራቆቱ መንደሮችን ሒሳብ አስልቶ፣ ዕዳ አቃሎ፣ ብድር አዋቅሮ ያነሣ ባለሙያ ነበር። በ1829 ገበሬውም ሹሙም ሲያስቸግሩት ሥራውን ጥሎ ጠፋ፤ ናሪታ ካለው ቤተ መቅደስ ገብቶ 21 ቀን ጾመ። ወልዋዮቹ ይህን ሁሉ ብሎን አስቀምጠው እንጨት ተሸክሞ እየሄደ የሚያነብ ሕፃን ብቻ አስቀሩ። ሐውልቱ በ1920ዎቹና 30ዎቹ በየትምህርት ቤቱ ግቢ ቆመ። ነሐሱ በጦርነቱ ዘመን ለመሣሪያ ሲቀልጥ በድንጋይ ተተካ። አሁን ደግሞ እየሄዱ ስልክ ማየትን ያስተምራል የሚል ስጋት መጣ። በአንዳንድ ትምህርት ቤቶች ኪንጂሮ ተቀምጧል፤ እንጨቱን አውርዶ ጉቶ ላይ ቁጭ ብሎ ያነባል።