ክቡ ሲጠብ መብራት ይጠፋል

ለፐብጂ (እስከ መጨረሻ በሕይወት የቀረ የሚያሸንፍበት የተኩስ ጌም) ጀማሪ የሚሰጠውን ምክር እንደ ውዳሴ ማርያም በቃሌ ይዤዋለሁ፦ ሕዝብ የሚሻማበት ፖቺንኪ የሚባል ከተማ አትውረድ፤ ዳር ያለ ቤት ፈልግ፤ መሣሪያ፣ የራስ ቁርና ፋሻ ሰብስብ፤ እየጠበበ የሚመጣው ገዳዩ ሰማያዊ ክብ ሳይደርስብህ ቀድመህ ወደ ውስጥ ግባ። እሺ፣ ሁሉንም አደረግሁ! አዲስ አበባ ዳር፣ ቱሉ ዲምቱ ተቀምጦ ለሚጫወትስ ምን ይመከራል? ከ100 ተጫዋቾች ጥቂት ቀርተን፣ ከድንጋይ ኋላ ተኝቼ ሳነጣጥር መብራት እልም! ዋይፋዩም አብሮት። በሞባይል ዳታ ስመለስ ሬሳዬ ሳጥን ሆኖ ይጠብቀኛል፤ ስንት ቤት በርብሬ ያገኘሁት ባለ 8 እጥፍ መነጽርም የገዳዬ ሲሳይ ሆኗል። ቦሌ የሚኖረው ጓደኛዬ ደግሞ «ትዕግሥት የለህም» ይለኛል። ትዕግሥት! ኔትወርኩ ሲንቀራፈፍ እኮ የእኔ ጥይት ሳይወጣ ሰውየው ዞሮ፣ አይቶኝ፣ ገድሎኝ ጨርሷል።