ልቤን ላወለቀው የመጨረሻዋ ደቂቃ ጀግና

ግልጽ ደብዳቤ

ጉዳዩ፦ አብሮ መሥራትን ይመለከታል

ክቡር ባልደረባዬ፣

በወጉ «እርስዎ» ልልህ አስቤ ነበር። ግን ከሌሊቱ 7 ሰዓት ላይ «ነቅተሻል?» ብሎ ከሚጽፍልኝ ሰው ጋር አንቱታው ብዙም አያስኬድም። ስለዚህ አንተ ነህ።

በቅድሚያ አድናቆቴን ልግለጽ። ሁለት ሳምንት የተሰጠንን ሪፖርት እስከ ዋዜማው ሳይነኩ መክረም ቀላል አይደለም። እኔ ብሆን እንቅልፍ አይወስደኝም። አንተ ግን «አይዞሽ፣ ይደርሳል» ትላለህ። ደግሞ ይደርሳል! አንጀቴን የሚያሳርረኝም እሱ ነው። ሥራህ የማይረባ ቢሆን ኖሮ ለአለቃ ተናግሬ እገላገል ነበር።

በማን ላብ እንደሚደርስ ግን አንድ ቀን ብንነጋገር ደስ ይለኛል። ያለፈው ጊዜ ፋይልህ የመጣው ለማስረከቢያው ግማሽ ሰዓት ሲቀር ነው። ስሙ «የመጨረሻ የምር የመጨረሻ 3»። ከፈትኩት። ጽሑፉ ያምራል፣ አልዋሽም። ገጽ 4 ላይ ስደርስ በቀይ «እዚህ ጋ ቁጥር ይገባል» ይላል። ማን ያስገባዋል? ከየት አምጥቶ? ስደውልልህ «መንገድ ላይ ነኝ» አልክ። ቁጥሩን ስፈልግ፣ ገጹን ሳስተካክል፣ ላብ በላብ ሆኜ ላክሁት። አንተ ከተላከ በኋላ ደረስክና ለአለቃችን «እኔ ጫና ሲኖር ነው ጥሩ የምሠራው» አልከው። እንዲያው ለመሆኑ ጫናው ያለው ማን ላይ ነበር?

ብቻህን እንዳልሆንክ ላጽናናህ። በ1994 (እ.ኤ.አ.) የወጣ አንድ ጥናት የመመረቂያ ጽሑፍ የሚሠሩ ተማሪዎችን መቼ እንደሚጨርሱ ጠይቆ ነበር። በአማካይ 34 ቀን ገደማ አሉ። የፈጀባቸው ግን ከ55 ቀን በላይ ነው። እነሱስ ቢያንስ ያዘገዩት የራሳቸውን ጽሑፍ ነው።

«ተባብራችሁ ሥሩ» ስለተባልን እኔም ዘዴ ዘይጄ ነበር። በቀጣዩ ሳምንት ሰኞ የምናስረክበውን ሥራ «ሐሙስ ነው» አልኩህ። ለጥቂት ጊዜ ሰላም ሆነ። ከዚያ ነቃህብኝ። አሁን ሐሙስ ስልህ አንተ በልብህ ሰኞ ትላለህ። እኔ ደግሞ ያንን አስልቼ ማክሰኞ እልሃለሁ። እውነተኛውን ቀን ከሁለታችን የሚያውቅ ጠፋ።

ለአንተ ምን እንደምመስልህ ይገባኛል። ለስብሰባው መዘጋጃ ሌላ ስብሰባ የምትጠራ፣ በአራት ቀለም የተቀባ ሠንጠረዥ የምትልክ ሴት። ሠንጠረዡን አልተውም። ግን እንደራደር። ቁጥሩና መረጃው ቀድሞ ይምጣልኝ። የተቆራረጠ ይሁን፣ ፊደሉም የተገደፈ ይሁን፤ አልስቅም። (እሺ፣ ትንሽ እስቃለሁ።) መግቢያውንና ማሳመሩን ግን እስከ መጨረሻዋ ደቂቃ ያዘው። እዚያ ላይ አንተን የሚያክል የለም፤ እኔ በሳምንት የማልጽፈውን መግቢያ በሃያ ደቂቃ ስትጽፈው አይቻለሁ። ቀይ ጽሑፍ ብቻ ወደ እኔ አይሻገር። ከምሽቱ 4 ሰዓት በኋላ ደግሞ አልነቃሁም። ብነቃም አልነቃሁም።

መልስህን እስከ ረቡዕ እጠብቃለሁ። የምሬን ነው፤ የዚህኛው ረቡዕ ረቡዕ ነው።

ከሰላምታ ጋር
ባልደረባህ

ግልባጭ፦
ለአለቃችን (ለጊዜው ያልተላከ)