ሦስት አገር በሰባት ቀን፦ ባለ ግል አስጎብኚው ይመስገን

ሰው በሕይወት እያለ ይመስገን ይባላልና ዛሬ አንድ ሰው ላመስግን። የግል አስጎብኚ፣ የግል ሹፌርና የግል መኪና ይዞ ጎረቤታማ አገሮችን በአንድ ትንፋሽ የሚያዳርሰውን ጀግና ማለቴ ነው። የሰሞኑ ምርጫው ካውካሰስ ነው። አዘርባጃን፣ ጆርጂያ፣ አርሜኒያ። ሦስት አገር በሰባት ቀን። ሰባቱ ቀን ውስጥ የአውሮፕላን ማረፊያ ሰልፍ፣ የሆቴል ቁርስ፣ እንቅልፍና ስልክ ቻርጅ የሚደረግበት ሰዓት ተካትቷል። የተረፈው ለባህልና ለታሪክ ነው።

መጀመሪያ ብልህነቱ ይደነቅ። ሌላው ምስኪን ቱሪስት አርባ ሆኖ አውቶቡስ ውስጥ ይታጨቅና ባንዲራ ከፍ አድርጋ የምትመራ አስጎብኚ እየተከተለ ይነዳል። አንዱ ሽንት ቤት ከገባ ሠላሳ ዘጠኙ ቆሞ ይጠብቃል። ይባስ ብሎ ማብራሪያው እስኪያልቅ መስማት ግድ ነው። የእኛ ሰው ከዚህ ሁሉ በገንዘቡ ተገላግሏል። የጉዞ ወኪሎቹ የግል ጉብኝት ሲያሻሽጡ ሁሌም የሚሉት ነገር አለ፤ የወደዱት ቦታ ላይ ግማሽ ቀን ቢቀመጡ የሚያስነሳዎት የለም። እውነታቸውን ነው። ማንም አያስነሳውም። እሱ ራሱ ቀድሞ ይነሳል።

አስጎብኚውስ? ብዙ ጊዜ ታሪክ ያጠና፣ ሦስት አራት ቋንቋ የሚናገር፣ የትኛው ድንጋይ በየትኛው ንጉሥ ዘመን እንደተጠረበ የሚያውቅ ሰው ነው። ከጠዋት እስከ ማታ ላንድ ሰው ብቻ ሊናገር ተዘጋጅቶ መጥቷል። ይሄን የመሰለ ሰው በቀን ሂሳብ ቀጥረህ ምን ታደርገዋለህ? ለእኔና ለእናንተ ሊከብደን ይችላል። ጀግናችን ግን ገና ከሆቴሉ በር ሳይርቁ መልሱን አገኘው። ስልኩን አቀበለውና "በቁመት አንሳኝ፣ ጫማዬም ይግባ" አለው።

ጉዞው የጀመረው በአዘርባጃን ዋና ከተማ፣ ባኩ ላይ ነው። አሮጌው ከተማ ውስጥ የድንግል ግንብ የሚባል ወፍራም የድንጋይ ማማ አለ፤ ለምን እንደተሠራ ምሁራኑ እስከ ዛሬ አልተስማሙም። መከላከያ ነበር የሚል አለ፣ የከዋክብት መመልከቻ ነበር የሚል አለ፣ የእሳት አምልኮ ቦታ ነበር የሚልም አለ። አስጎብኚው ሦስቱንም ሊያስረዳ ጀምሮ ነበር። ጀግናችን ግን ፎቶው ሥር "የፍቅር ግንብ" ብሎ ጻፈና ክርክሩን ዘጋው። ከዚያ ወደ ጎቡስታን። በዩኔስኮ የተመዘገበ ቦታ ነው፤ ዓለት ላይ የተቀረጹ ከ6,000 በላይ ምስሎች አሉበት። ሲጨፍሩ የሚታዩ ሰዎች፣ በሬዎች፣ ጀልባዎች። አንዱን አየና የቀሩትን ገመታቸው።

አተሽጋህ ላይ ግን ትንሽ እንቆይ፤ እሱ ባይቆይም። አተሽጋህ ባኩ ዳር፣ ሱራካኒ የሚባል ሰፈር ያለ የእሳት ቤተ መቅደስ ነው። ድሮ ከመሬት ውስጥ የተፈጥሮ ጋዝ በራሱ ይወጣ ነበርና እሳቱ ያለ ማገዶ ይነድ ነበር። ከህንድ የመጡ ነጋዴዎችና መናንያን እዚያ እየኖሩ ያመልኩበት ነበር፤ በየክፍሉ ደጃፍ ላይ በሳንስክሪት የተቀረጸ ጽሑፍ ይታያል። ከዚያ አካባቢው ጋዝና ነዳጅ ሲቀዳበት፣ ሲቀዳበት፣ በ1969 እሳቱ ድርግም አለ። (ዓመቶቹ ሁሉ በአውሮፓውያን ናቸው።) ዛሬ የሚነደው እሳት ጋዙ በቧንቧ እየመጣ ነው። የሰው ምድጃ ላይ ካለው አይለይም። አስጎብኚው ይሄን ሲናገር አላፈረም፣ አልደበቀምም። እንዲያውም የታሪኩ ጣፋጭ ክፍል እሱ ነው፤ ነዳጅ ያበለጸገው ከተማ የገዛ አምላኩን እሳት ያጠፋበት ታሪክ የትም አይገኝም። ጀግናችን ግን በዚያ ሰዓት ጀርባውን ሰጥቶ ቪዲዮ እየቀረጸ ነበር። "ጓዶች፣ ይሄ ለሺህ ዓመታት ጠፍቶ የማያውቅ እሳት ነው!" አስጎብኚው ዝም አለ። ሲቀረጽ መናገር አይቻልማ።

አሁን ወደ ሽምግልናው ልውሰዳችሁ። ከባኩ ወደ አርሜኒያ በቀጥታ ለምን አንሄድም ብሎ ጠየቀ። አስጎብኚው በትዕግሥት አስረዳው። የሁለቱ አገሮች ድንበር ከ1990ዎቹ መጀመሪያ ጀምሮ ዝግ ነው፣ ጦርነት ነበረ፣ የተፈናቀለው ሕዝብ ብዙ ነው፣ ስለዚህ ሁለቱን ማየት የፈለገ መንገደኛ በጆርጂያ ይዞራል። ደግሞ አዘርባጃን በ2020 በኮቪድ ሰበብ የየብስ ድንበሯን ለመንገደኛ ዘግታ ለዓመታት ሳትከፍት ቆይታለች፤ ስለዚህ የጆርጂያ ዋና ከተማ ትብሊሲ የሚኬደው በአውሮፕላን ነው። ጀግናችን ሻዩን ፉት አለና "ለምን ቁጭ ብላችሁ አትነጋገሩም?" አለ። ይሄን ሐሳብ እስከዚያች ቀን ያመጣ ሰው አልነበረም መሰለኝ። ዲፕሎማቶቹ ሠላሳ ዓመት ደክመው ያጡት መፍትሔ ሻይ ሳይቀዘቅዝ ተገኘ።

የዳቦውንም ጠብ በዚያው ፈታው። ላቫሽ የሚባለው ስስ ቂጣ በ2014 በአርሜኒያ ስም ዩኔስኮ ጋ ተመዘገበ። ጎረቤት ዝም አላለም። በ2016 አዘርባጃን፣ ኢራን፣ ካዛኪስታን፣ ኪርጊስታንና ቱርክ ሆነው የስስ ቂጣ ባህላችን ብለው ላቫሽን ጨምረው አስመዘገቡ። አምስት አገር ለአንድ ቂጣ! አንድ ሰው ከዚህ ጉዞ ምንም ሳይዝ ይችን ብቻ ይዞ ቢመለስ ገንዘቡ አልከሰረም እላለሁ። ጀግናችን ቀምሶ "ያው ዳቦ ነው" አለ፣ አስጎብኚው ፊት፣ ጮክ ብሎ። ከዚያ ቲፕ ለመስጠት ዝርዝር አጣ።

ጆርጂያ። ምጽኼታ ላይ ስቬቲትስኾቬሊ የሚባል የ11ኛው ክፍለ ዘመን ካቴድራል አለ። አስጎብኚው (ጆርጂያ ሲደርሱ ሌላ ሰው ተረክቦታል፤ በየአገሩ አዲስ ሰው መቅጠር የዚህ ጉዞ ደንብ ነው) በሰሜኑ ግድግዳ በኩል ወሰደውና ወደ ላይ ጠቆመው። ድንጋዩ ላይ የተቀረጸ ክንድ አለ፣ እጁ መሣሪያ ይዟል። ሕንፃውን የሠራው አርሱኪዜ የሚባል ሰው ነው፤ አፈ ታሪኩ ደግሞ እንዲህ ያለ ሥራ እንዳይደግም እጁን ቆረጡት ይላል። አስጎብኚው እዚህ ጋ ድምፁን ዝቅ ያደርጋል፤ ስንት ጊዜ ተናግሮትም አልሰለቸውም። ጀግናችን ቀና ብሎ አየ። ከዚያ ሥሩ ቆሞ ሁለት ጣቱን አወጣ። "ከእጁ ጋር አንድ ላይ ይገባል?" ብሎ ጠየቀ። አስጎብኚው ሣር ላይ ተንበርክኮ አስገባለት። ይሄን ለማድረግ ነው አምስት ዓመት የተማረው።

ጌርጌቲ ቤተ ክርስቲያን ደግሞ ካዝቤክ ተራራ ሥር፣ 2,170 ሜትር ገደማ ከፍታ ላይ የቆመች የ14ኛው ክፍለ ዘመን ቤተ ክርስቲያን ናት። ድሮ ሰው ተንፏቆ፣ አልቦት ነበር የሚደርሰው፤ አሁን አስፋልት አለ። ጀግናችን መኪናው በር ላይ አወረደው። ወርዶም ከአንድ ተራራ ወጪ የእግር ጉዞ ዱላ ተዋሰና ዱላው ላይ ተደግፎ፣ ዓይኑን ጨፍኖ፣ እየተነፈሰ ተነሳ። ፎቶው ቆንጆ ነው፤ ያየ ሁሉ ያዝንለታል።

ከትብሊሲ እስከ አርሜኒያ ዋና ከተማ፣ የሬቫን፣ በመኪና የግማሽ ቀን መንገድ ነው፤ ድንበሩን ከተሻገሩ በኋላ መንገዱ የደበድ ወንዝን ሸለቆ ይዞ ይወጣል። ሃግፓትና ሳናሂን የሚባሉ፣ ሁለቱም ዩኔስኮ የመዘገባቸው ገዳማት እዚያ ሸለቆ አፋፍ ላይ ናቸው። ጀግናችን ተኝቷል። ሁለቱም ግን ፕሮግራሙ ላይ ስላሉ እንደተጎበኙ ይቆጠራሉ፤ ተከፍሎባቸዋላ።

ጋርኒ ሲደርሱ ነቃ። ጋርኒ የጥንት ግሪኮችን ቤት የመሰለ፣ ባለ አምዶች ቤተ መቅደስ ነው። በ1679 የመሬት መንቀጥቀጥ አፈረሰው፤ ከ1969 እስከ 1975 የወደቁትን ድንጋዮች ለቅመው መልሰው አቆሙት። የጎደለውን በአዲስ ድንጋይ ሲተኩ ሆን ብለው ጌጥ ሳይቀርጹበት ልሙጥ ተዉት። አሮጌው የቱ፣ አዲሱ የቱ እንደሆነ ተመልካች እንዳይታለል ነው። እኔ ጨዋነት የምለው ይሄን ነው። ጀግናችን ልሙጡን በጣቱ እየነካ "እነዚህን ለምን ሳይጨርሱ ተዉዋቸው? በጀት አለቀ?" አለ። አስጎብኚው (ሦስተኛው) ሊመልስ አፉን ሲከፍት ድሮኑ ተነስቷል።

ጌጋርድ ገዳምም ተደርሷል። ግማሹ ከዓለት ተፈልፍሎ የወጣ ነው። ከላይኛው ክፍል ገብተህ ብትዘምር ድምፅህ ግድግዳውን ይዞ ይዞርና ብቻህን ሆነህ ብዙ ሰው ትመስላለህ፤ መዘምራን እዚያ ድረስ መጥተው የሚዘምሩት ለዚህ ነው። ጀግናችን የዚህን ክፍል ጥቅም ከማንም ፈጥኖ የተረዳ ሰው ነው። ቪዲዮ ደውሎ በስፒከር አወራ። "ሄሎ! ይሰማል? እኔ ይሰማኛል!" ለሁሉም ተሰማ።

የሬቫን ውስጥ ማተናዳራን የሚባል የጥንት የእጅ ጽሑፎች ቤት አለ። እዚያ አንድ መጽሐፍ ተቀምጧል፤ የሙሽ ስብከቶች ይባላል፣ ብራና ነው፣ 28 ኪሎ ገደማ ይመዝናል። በ1915 አርመኖች ሲጨፈጨፉ ሁለት ሴቶች አገኙት። አንድ ሰው የሚሸከመው ስላልሆነ ለሁለት ከፈሉትና ተካፍለው ይዘውት ሸሹ። ከሞት እየሸሹ፣ የሚበላ ሳይሆን መጽሐፍ ተሸክመው። አስጎብኚዋ (እዚህ ቤት የቤቱ ሰው ነው የሚያስጎበኘው) ይሄን ጨርሳ ዝም አለች፤ ጥያቄ ካለ ለመስማት። ጥያቄ ነበረ። "ዋይፋይ አላችሁ?"

በዚህ ሁሉ መሀል የሚያሳዝነኝ እሱ አይደለም። ገንዘቡ ነው፣ እንደፈለገ ያድርገው። እኔን የሚገርመኝ ያንኑ ፎቶ ለማንሳት ስልክ መስቀያ ዘንግ እንደሚበቃ ማንም ሳይነግረው መቅረቱ ነው። ዘንግ ደግሞ ምሳ አይበላም።

ኾር ቪራፕ የመጨረሻው ቀን ነው። ቅዱስ ጎርጎርዮስ አብርሆተ አርመን አሥራ ሦስት ዓመት ገደማ ታስሮበታል የሚባለው ጉድጓድ እዚያ አለ። ከዚያ ሲወጣ ንጉሡን አጠመቀ፣ አርሜኒያም በ301 ክርስትናን የመንግሥት ሃይማኖት አደረገች ይላል ትውፊቱ። ወደ ጉድጓዱ የሚወረደው ቀጥ ባለ ጠባብ የብረት መሰላል ነው። ጀግናችን ከላይ ሆኖ አጎንብሶ አየና ጫማውን አየ። ከዚያ ስልኩን ለአስጎብኚው ሰጠው። "ውረድና ቅረጽልኝ።" ወረደለት። ቅዱሱ አሥራ ሦስት ዓመት የኖረበትን ቦታ በሠላሳ ሰከንድ ቀርጾ ወጣ። "ጨለማ ነው" ተብሎ ተመልሶ ወረደ።

ውጭ ሲወጡ አራራት ፊት ለፊት ነበር፣ በረዶውን ለብሶ፣ 5,137 ሜትር። አርመኖቹ በየቀኑ ያዩታል፤ ተራራው ግን ያለው ቱርክ ውስጥ ነው፣ ድንበሩም ከ1993 ጀምሮ ዝግ ነው። አስጎብኚው ይሄን ሲናገር ትንሽ ቆም አለ። ጀግናችን ግን ሂሳብ እየሠራ ነበር። "ስለዚህ ቱርክንም አየሁ ማለት ነው?" አየህ፣ አሉት። ሦስት አገር ብሎ ከፍሎ አራት አገኘ። እንዲህ ነው ጉዞ!

አሁን የካውካሰስ ጉዳይ በተነሳ ቁጥር እሱ ይጠየቃል። ካልተጠየቀም ይመልሳል። "የእነዛ ሰዎች ችግር ምን መሰላችሁ" ብሎ ይጀምራል። ለቀጣዩ ባልቲክን አስቦ ነበር፤ ኢስቶኒያ፣ ላትቪያ፣ ሊትዌኒያ። ከ2007 ጀምሮ ከአንዱ ወደ ሌላው ሲያልፉ የፓስፖርት ቁጥጥር እንደሌለ ሲሰማ ግን ቀዘቀዘ። ማኅተም ካልተመታ መሄድህን በምን ታውቃለህ?

ለጉዞ ድርጅቱ የሰጠውን አስተያየትም አንብቤዋለሁ። ከአምስት ኮከብ አራት ሰጥቷል። "መኪናው ንጹህ ነው፣ ሹፌሩ ጨዋ ነው። አስጎብኚዎቹ ጥሩ ያነሳሉ፣ ግን ወሬ ያበዛሉ" ይላል። ድርጅቱም በትሕትና መልሶለታል፤ ስለ አስተያየትዎ እናመሰግናለን፣ ለሚቀጥለው ማብራሪያ የሌለው ፓኬጅ ልናዘጋጅልዎ እንችላለን፣ ዋጋው ግን ትንሽ ከፍ ይላል።